ብየዳው የታለ? የአኒሽ ካፑርን ብረቶች ተከትዬ የጻፍሁት የጉዞ ማስታወሻ

አባቴ መርካቶ ውስጥ፣ ከምናለሽ ተራ በማይርቅ አንድ ጠባብ ቤት፣ ለሠላሳ ዓመት ያህል የግቢ በርና የመስኮት ፍርግርግ ሲበይዱ የኖሩ ሰው ናቸው። የማንንም የብረት ሥራ ሲያዩ ዐይናቸው መጀመሪያ የሚያርፈው መገጣጠሚያው ላይ ነው፤ ቀለሙንና ጌጡን የሚመለከቱት ኋላ ነው፤ አንዳንዴ ጭራሽ አይመለከቱትም። ባለፈው ዓመት በቺካጎ ከተማ መካከል የተቀመጠውን፣ እንደ መስታወት የሚያበራውን ግዙፍ የብረት ቅርጽ ፎቶ በስልክ ልኬላቸው የመለሱልኝ ሁለት ቃል ብቻ ነበር፦ «ብየዳው የታለ?»

መልሱን ከመጽሐፍ ላገኘው እችል ነበር፤ ግን ከቦታው ሄጄ ላመጣላቸው ፈለግሁ። የቅርጹ ባለቤት አኒሽ ካፑር ሕንድ ተወልዶ ከ1973 ጀምሮ እንግሊዝ አገር የሚሠራ፣ ከቀለም ዱቄት፣ ከድንጋይ፣ ከሰምና ከብረት ቅርጽ የሚያወጣ፣ ሥዕልም የሚሥል፣ ለዳንስና ለኦፔራ መድረክ የሚያዘጋጅ፣ ከመሐንዲሶች ጋር ሆኖም ሕንጻ የሚያክሉ ነገሮችን የሚያቆም ሰው ነው። እኔ ለንደን ስለምኖር የጉዞዬ መነሻ ከደጄ ሆነ። የጠቀስኋቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የመጀመሪያው ቀን፣ ቅዳሜ፤ ስትራትፎርድ

ከባቡር ወርጄ ወደ ንግሥት ኤልሳቤጥ ኦሊምፒክ ፓርክ ሳመራ፣ ከስታዲየሙ ቀድሞ የታየኝ ከጎኑ የቆመው የተጠማዘዘ ቀይ የብረት ማማ ነው። ኦርቢት ይባላል፤ ቁመቱ 114.5 ሜትር ሲሆን ለ2012ቱ ኦሊምፒክ ተብሎ የተሠራ ነው። ስታዲየሙን የረሳ የአገሬ ሰው ያለ አይመስለኝም፤ በዚያ ክረምት ጥሩነሽ ዲባባ በ10,000 ሜትር፣ ከአንድ ሳምንት በኋላ ደግሞ መሠረት ደፋር በ5,000 ሜትር ወርቅ ያገኙት እዚሁ ነው። ያን ጊዜ አዲስ አበባ ነበርሁ፤ ካሜራው ከሜዳው ወጣ ብሎ አካባቢውን ባሳየ ቁጥር ይህ ቀይ ነገር ብቅ ይል ስለነበር አባቴ «ምንድን ነው እሱ፣ ክሬን ወድቆባቸው ነው?» ብለው መጠየቃቸው ትዝ ይለኛል። የእንግሊዝ ጋዜጦችም ቢሆኑ ከዚህ ብዙ የተሻለ ስም አላወጡለትም።

ጠጋ ብዬ ሳየው ግን ለአባቴ የሚመች ሥራ ሆኖ አገኘሁት። ወፋፍራሞቹ ቱቦዎች የተገናኙበት ቦታ ሁሉ በግልጽ ይታያል፤ ጫፍ ከጫፍ ገጥሞ ዙሪያውን በብሎን ታስሯል፤ ብሎኖቹም ከቀሪው አካል ጋር አብረው ቀይ ተቀብተዋል። 35,000 ያህል ብሎን እንደገባበት ይነገራል። ከ2,000 ቶን ገደማ ከሚሆነው ብረቱ ውስጥ 60 በመቶ ያህሉ አሮጌ ብረት ቀልጦ የተሠራ ነው፤ ያረጁ መኪናዎችና የልብስ ማጠቢያ ማሽኖች ሳይቀሩ አሉበት። በርሜል ተቀጥቅጦ ምድጃ፣ የመኪና አካል ተቆርጦ አካፋ ሲሆን እያየሁ ስላደግሁ ይህን ሳነብ ፈገግ አልሁ፤ ምናለሽ ተራ ከጥንትም ይህንኑ ነው የሚሠራው።

የሠሪዎቹ ማንነት ደግሞ ለብቻው ያስገርማል። ሐሳቡ የሙምባይ ተወላጁ የካፑር፣ የምሕንድስናው ስሌት ስሪላንካ ተወልዶ ለንደን የኖረው የሲሲል ባልሞንድ ነው፤ ከ22 ሚሊዮን ፓውንድ በላይ ከሆነው ወጪ አብዛኛውን የሸፈነው ደግሞ በራጃስታን የተወለደው የብረት ከበርቴ የላክሽሚ ሚታል ኩባንያ ነው። ብሪታንያ ለዓለም ፊቷን ባሳየችበት በዓል ላይ ከፍ ብሎ የቆመውን ማማ ያቆሙላት ከቀድሞ ቅኝ ግዛቶቿ የመጡ ሰዎች ናቸው።

በአሳንሰር ወጥቼ ካፑር ከላይኛው ሰገነት ላይ ካቆማቸው ሁለት ጎድጓዳ መስታወቶች አንዱ ፊት ቆምሁ። ራቅ ስል ተዘቅዝቄ ታየሁ፤ ጥቂት ስቀርብ መልኬ ፈስሶ ጠፋ፤ ይበልጥ ስቀርብ ቀና ብዬ፣ ግን ገዝፌ ተመለስሁ። ከማማው ይልቅ ይህችን ጨዋታ ወደድኋት። ማማውን ራሱን፣ እውነቱን ለመናገር፣ አልወደድሁትም፤ መወሰን ያቃተው ነገር ይመስለኛል። በ2016 ጀርመናዊው አርቲስት ካርስተን ሆለር የጨመረበትን 178 ሜትር የሚረዝም መንሸራተቻ ግን አላለፍሁትም፤ በ40 ሰከንድ ያህል መሬት አደረሰኝ፤ በእነዚያ ሰከንዶች ስለ ጥበብ አላሰብሁም።

ሁለተኛው ቀን፣ እሑድ፤ ዌምብሌ

ዛሬ ብረት አላየሁም። የካፑር ነገር የጀመረው ከብረት ሳይሆን ከዱቄት ስለሆነ፣ ዌምብሌ ውስጥ ኢሊንግ ሮድ ወደሚባለው የሕንዶች የገበያ መንገድ ሄጄ ሴቶች በግንባራቸው የሚያደርጉትን ቀይ የኩምኩም ዱቄት ገዛሁ።

ካፑር በ1954 ቦምቤይ፣ በዛሬ ስሟ ሙምባይ ተወለደ። አባቱ በሕንድ ባሕር ኃይል የባሕር ጥልቀት የሚለካና ካርታ የሚያነሣ የፑንጃብ ሂንዱ ነበር፤ እናቱ ከባግዳድ አይሁድ ወገን ናት፤ የእናቱ አባትም በፑኔ ከተማ ምኩራብ በዜማ ጸሎት የሚመራ ሰው ነበር። ልጁ በዴህራዱን ስሙ በታወቀው የዱን አዳሪ ትምህርት ቤት ከተማረ በኋላ በ1971 ከወንድሙ ጋር ወደ እስራኤል ሄደ፤ ኪቡትስ በሚባል የጋራ እርሻ መንደር ውስጥ ኖረ፤ የኤሌክትሪክ ምሕንድስናም ጀምሮ ሒሳቡ አልገፋ ስላለው በስድስት ወር ተወው። ከዚያ ነው ለንደን መጥቶ በሆርንሲ፣ ቀጥሎም በቼልሲ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤቶች የተማረው። ኢየሩሳሌም የምትኖር ቤተ እስራኤል ወዳጄ ጉዞዬን ሰምታ በእስራኤል ሙዚየም ግቢ የቆመውን የካፑርን ሥራ ፎቶ ልካልኛለች፤ 5 ሜትር ቁመት ያለው፣ ወገቡ የቀጠነ የአሸዋ ሰዓት የሚመስል የሚያበራ ብረት ሲሆን በ2010 የቆመ ነው፤ ሰማዩን ከታች፣ ከተማውን ከላይ አድርጎ ያሳያል። «ልጆቼ ጭንቅላታቸውን ዘቅዝቀው ነው የሚያዩት» ብላ ጽፋለች።

በ1979 ካፑር ወደ ሕንድ ተመለሰ። በገበያውና በቤተ መቅደሱ ደጃፍ ተከምሮ የሚሸጠውን የቀለም ዱቄት ያየው በልጅነቱም ነው፤ አሁን ግን ያየው በሠዓሊ ዐይን ነው። ለንደን ሲመለስ ወለል ላይ ያረፉ ኮረብታዎች፣ ጡቦችና ማማዎች የሚመስሉ ቅርጾችን ሠርቶ በቀይ፣ በቢጫና በሰማያዊ ዱቄት ሸፈናቸው፤ «ሺህ ስሞች» ብሎም ጠራቸው።

ማታ ኩሽና ውስጥ ነጭ ወረቀት ዘርግቼ አንድ የተገለበጠ የሻይ ስኒ ላይ ኩምኩሙን በወንፊት ነፋሁበት። ስኒው ሲሸፈን መያዣው፣ ስንጥቁ፣ ቻይና የሚለው ጽሑፍ ሁሉ ጠፋ፤ ዱቄቱ ዙሪያውን ወረቀቱ ላይ ስለፈሰሰም ስኒው የት አልቆ ወረቀቱ የት እንደሚጀምር መለየት አልተቻለም። እናቴ የተፈጨ በርበሬ ስትነፋ ሰፌዱ ላይ የሚቆመው ክምር እንዲሁ ጠርዝ አልነበረውም። ለካ ሰውየው ገና ከመነሻው መገጣጠሚያ ደባቂ ኖሯል። (ጠረጴዛው ላይ የተረፈው ቀይ በሳሙናም በሎሚም አልለቀቀም፤ ባለቤቴ እስካሁን ታነሣብኛለች።)

ከቀለም ጋር ያለው ፍቅር ሁልጊዜ አላስመሰገነውም። በ2016 ከሚያርፍበት ብርሃን 99.96 በመቶውን የሚውጠውን ቫንታብላክ የተባለ ጥቁር ልባስ በሥነ ጥበብ ዘርፍ ብቻውን የመጠቀም መብት አገኘ። ስቱዋርት ሴምፕል የሚባል እንግሊዛዊ አርቲስት ደግሞ በብሽቀት እጅግ ደማቅ ሮዝ ቀለም ሠርቶ ከካፑር በስተቀር ለማንም እሸጣለሁ አለ፤ ካፑርም ሮዙን በሌላ መንገድ አስገኝቶ ጣቱን ነክሮ የስድብ ምልክት አሳየው። ልባሱ እንደ ቀለም ከቆርቆሮ ተቀድቶ የሚቀባ ሳይሆን በቤተ ሙከራ የሚሠራ ረቂቅ ነገር እንደሆነ አውቃለሁ፤ ቢሆንም ከሕንድ ገበያ በሳንቲም የሚሸጥ ዱቄት ተነሥቶ እዚህ የደረሰ ሰው ጥቁርን ለብቻው መያዙ አልተዋጠልኝም።

ሦስተኛው ቀን፣ ሰኞ፤ ኖቲንግሃም

ባቡሩ አርባ ደቂቃ ዘግይቶ በዝናብ አደረሰኝ። በዌሊንግተን ሰርከስ፣ ከከተማው ቴአትር ቤት ፊት ለፊት፣ ወርዱ 6 ሜትር የሆነው «የሰማይ መስታወት» ከ2001 ጀምሮ ቆሟል። ከሩቅ ሲያዩት አዲስ አበባ ጣሪያ ላይ የሚተከለውን ዲሽ ይመስላል፤ አባቴ ቢያዩት ወደ የትኛው ሳተላይት እንደዞረ ይጠይቁ ነበር። ብረቱ ፊንላንድ ውስጥ የተሠራ አይዝጌ ብረት ሲሆን 10 ቶን ይመዝናል። ጎድጓዳው ፊት ወደ ሰማይ ያዘነበለ ነው፤ ከመተከሉ በፊት የፀሐይ ጨረር ሰብስቦ ወፍ ያቃጥላል የሚል ሥጋት ተነሥቶ ነበር። ዛሬ ፀሐይ አልነበረም። ደመናው በሳሕኑ ውስጥ ከላይ ወደ ታች ሲሄድ፣ የዝናቡ ጠብታዎች ደግሞ በፊቱ ላይ ተያይዘው ወደ ታችኛው ከንፈር ሲወርዱ አንድ ሰዓት ያህል አየሁ።

ብየዳ ፈለግሁ። አንድም አላገኘሁም።

አራተኛው ቀን፣ ማክሰኞ፤ ሚድልስብሮ

ሰሜን ምሥራቅ እንግሊዝ፣ ቲስ ወንዝ ዳር። ሥራው ቴሜኖስ ይባላል፤ በጥንት ግሪክኛ ለአምላክ ተለይቶ የታጠረ ቦታ ማለት ነው፤ እኛ ቅጽር የምንለው ዓይነት። በ2010 ተመርቋል፤ 110 ሜትር ይረዝማል፣ 50 ሜትር ያህል ከፍ ይላል። አንድ ክብና አንድ ሞላላ የብረት ቀለበት ተራርቀው ቆመው በመካከላቸው የሽቦ ገመድ መረብ ተወጥሯል፤ መረቡ መሐል ላይ ይቀጥንና ሁለቱ አፎች ይሰፋሉ። የምሕንድስናው ሥራ እዚህም የባልሞንድ ነው። ሁለቱ በ2002 በለንደኑ የቴት ሞደርን ሙዚየም ትልቁ አዳራሽ ከጥግ እስከ ጥግ የወጠሩት ቀይ የፕላስቲክ ሸራም በሦስት የብረት ቀለበቶች ላይ የቆመ ነበር፤ ያኛው ቆዳ ከሆነ ይህ አጥንትና ጅማት ነው።

ሚድልስብሮ በብረት የተሠራች ከተማ ናት። የሲድኒ ወደብ ድልድይን የገነባው ዶርማን ሎንግ የዚህ አካባቢ ኩባንያ ነበር፤ የቀረው የሬድካር የብረት ማቅለጫም በ2015 ተዘጋ። እንዲህ ያሉ አምስት ግዙፍ ሥራዎች በአካባቢው ሊተከሉ ታቅዶ ነበር፤ የተሠራው ግን ይህ አንዱ ብቻ ነው። ከወንዙ ዳር ውሻቸውን ይዘው የቆሙ አንድ አዛውንት ለኳስ መጥቼ እንደሆነ ጠየቁኝ፤ የእግር ኳስ ሜዳው እዚያው አጠገብ ነውና። ለዚህ ነው የመጣሁት ብዬ ሳሳያቸው አንገታቸውን ነቀነቁ። ከወጣትነታቸው ጀምሮ ብረት ማቅለጫ የሠሩ ሰው ናቸው። «እኛ በአንድ ፈረቃ ከምንጥለው ፍርፋሪ ይህን እናወጣው ነበር» አሉ፤ ቀጥለውም ነፋስ ሲያይል እንደሚያፏጭ፣ ማታ ማታ ሊሰሙት እንደሚመጡ ነገሩኝ። ይወዱታል ወይስ ይጠሉታል? መጠየቁን ተውሁት። ነፋሱ ግን ያን ቀን ጸጥ ያለ ነበር፤ ሳልሰማው ተመለስሁ።

በባቡሩ ላይ አንድ ነገር ደብተሬ ላይ ጻፍሁ። ካፑር «ሕንዳዊ አርቲስት» መባልን አይወድም፤ በ1990 ቬኒስ ቢየናሌ በተባለው ዓለም አቀፍ የሥነ ጥበብ ዐውደ ርእይ ብሪታንያን ወክሎ ተሸልሟል፣ በ1991 ተርነር የተባለውን የብሪታንያ የሥነ ጥበብ ሽልማት ወስዷል፣ በ2013 የእንግሊዝ ንግሥት የሰር ማዕረግ ሰጥታዋለች፤ ሕንድም በበኩሏ በ2012 ፓድማ ቡሻን የተባለውን ታላቅ ኒሻን አጥልቃለታለች። በ2015 ደግሞ ከቻይናዊው አርቲስት አይ ዌይዌይ ጋር ትከሻው ላይ ብርድ ልብስ ጣል አድርጎ ለስደተኞች አጋርነት በለንደን ጎዳና በእግሩ ተጉዟል። ሰዎች ከየት እንደሆንሁ ሲጠይቁኝ መልሴ በየዓመቱ እየረዘመ የሄደብኝ እኔ፣ ሰውየው ስፌቱን ማሳየት አለመፈለጉን እረዳለሁ። ብረቱ ላይ ግን እንደ አባቴ ነኝ፤ ማየት እፈልጋለሁ።

አምስተኛው ቀን፣ ኀሙስ፤ ወደ ቺካጎ

ዘጠኝ ሰዓት በረራ። የአክስቴ ልጅ፣ ታክሲ ነጂ ነው፣ ከአየር ማረፊያ ሊቀበለኝ መጥቶ ነበር። «አንተ፣ ባቄላውን ለማየት ነው ከለንደን ድረስ የመጣኸው?» አለኝ። የሥራው ትክክለኛ ስም «የደመና በር» ነው፤ ከተማው ግን በቅርጹ የተነሣ ባቄላ ብሎ ጠራው፤ ካፑር መጀመሪያ ስሙን አልወደደውም ነበር፤ ማን ይሰማዋል? የአክስቴ ልጅ በዐሥራ አንድ ዓመት ውስጥ ስንቱን ተሳፋሪ እዚያ እንዳደረሰ አያውቅም፤ እሱ ራሱ ከመኪናው ወርዶ ያየው ግን አንዴ ብቻ ነው፤ የሚቆምበት ቦታ ስለሌለ።

ስድስተኛው ቀን፣ ዓርብ፤ ሚሌኒየም ፓርክ

ሰው ሳይበዛ ብዬ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ላይ ደረስሁ። 20 ሜትር ርዝመት፣ 10 ሜትር ቁመት፣ 13 ሜትር ወርድ፣ 100 ቶን ገደማ፤ ቁጥሮቹን አስቀድሜ ዐውቃቸዋለሁ፤ ሳየው ግን ክብደት የሚባል ነገር የለበትም። የሚሺጋን ጎዳና ሕንጻዎች ጎብጠው በላዩ ተጋድመዋል፤ ከዚያ በላይ ሰማይ ነው። ከብረቱ ራሱ የሚታይ ነገር የለም።

የአሠራሩን ነገር በጉዞው ሁሉ ሳነብ ስለከረምሁ፣ በአጠገቡ ስዞር ለአባቴ እንደማስረዳ ሆኜ ለራሴ እነግረው ጀመር። 168 ላሜራዎች ናቸው፤ ውፍረታቸው 10 ሚሊ ሜትር፣ አንዱ ከ450 እስከ 1,200 ኪሎ ይመዝናል። ካሊፎርኒያ፣ ኦክላንድ ውስጥ በኮምፒዩተር በሚመራ ማሽን ጎብጠው፣ በከባድ መኪና ተጭነው መጡ። ውስጡ ሁለት ትላልቅ ቀለበቶች ያሉበት አጽም አለው፤ ቆዳው ግን ከአጽሙ ጋር ድርቅ ብሎ አልተበየደም፤ የቺካጎ ክረምትና በጋ ብረቱን ሲያኮማትረውና ሲለጥጠው እንዲንቀሳቀስ ሆኖ ነው የተያዘው። በ2004 ፓርኩ ሲከፈት ሥራው አላለቀም ነበር፤ ሕዝቡ ያየው ስፌቱ እንደ መረብ የተዘረጋበትን ባቄላ ነው። ከዚያ በድንኳን ተሸፈነ። 744 ሜትር ያህል የሚሆነው ስፌት ተበይዶ፣ 24 የብረት ሠራተኞች ሌት ተቀን እየተፈራረቁ በአምስት ደረጃ ፈጩት፤ ከሻካራው መፍጫ ጀምረው ወርቅ ሠሪዎች ጌጥ በሚወለውሉበት ማለስለሻ ጨረሱት። በ2006 ሲመረቅ ወጪው 23 ሚሊዮን ዶላር ደርሶ ነበር፤ መጀመሪያ የታሰበው 6 ሚሊዮን ነው።

በቪዲዮ ደወልሁ። አዲስ አበባ ከቀኑ 10 ሰዓት ስለሆነ አባቴ በረንዳ ላይ ተቀምጠው ነበር።

«አባባ፣ ደርሻለሁ። ይኸው።»

«አየሁት። ጠጋ በል እስቲ።»

ጠጋ አልሁ። ስለ ሃያ አራቱ ሠራተኞች፣ ስለ ድንኳኑ፣ ስለ አምስቱ ደረጃ ነገርኋቸው። ዝም ብለው ሰሙኝና «ስቱኮ አልገባበትም?» አሉ፤ ስፌት የሚሸፈንበትን መሙያ ማለታቸው ነው።

«አልገባበትም። ብረት ለብረት ነው።»

«ስንት ዲስክ በልተው ይሆን!» አሉና ለራሳቸው ሣቁ። «እንግዲያው ከሥሩ ግባ፤ ሰው ሲሰንፍ ከሥር ነው የሚታወቀው።»

የባቄላው ሆድ እንደ ቅስት ክፍት ነው፤ የቅስቱ ከፍታ 3.7 ሜትር ያህል ነው፤ ከሥሩ ሲገቡ ጣሪያው ወደ ላይ ይጎደጉድና እንደ እንብርት ይሆናል፤ በዚያ ውስጥ አንዱ ሰው ብዙ ሆኖ፣ ተሰንጥቆ፣ ረዝሞ ይታያል። ስልኩን ወደ ላይ አነሣሁ። ካሜራው ብረቱን ሊይዝ አልቻለም፤ እኔን፣ ስልኩን፣ የአንዲት ሕፃን ቀይ ጃንጥላ ይይዛል፤ ፊቱን ግን አያገኘውም።

«አንተን አይደለም ልጄ፣ ብረቱን አሳየኝ።»

«አባባ፣ ይኸው ብረቱ።»

«ይህማ አንተ ነህ።»

ወደ ጎን ወጣሁና ቀኝ መዳፌን ብረቱ ላይ ጫን አድርጌ አነሣሁ። የጠዋት ቅዝቃዜ ስለነበር የእጄ ላብና ሙቀት አምስቱንም ጣት አትሞ ቀረ፤ በዚያች ዳመን ያለች ቦታ ላይ ካሜራው ቆመና ጠራ። መዳፌ ያለፈበት ብቻ ብረት ሆነ።

«አሁን አየሁት» አሉ አባቴ፤ ስልኩን ወደ ዐይናቸው እንዳስጠጉ ታወቀኝ። «ትንሽ ወደ ግራ... እንዳታነቃንቀው... የለም። የለበትም። እነዚህ ሰዎች ሠርተዋል።»

የእኔን ብቻ ሳይሆን የሌላውንም ሰው እጅ ለማጥፋት የባቄላው ታችኛ ክፍል በቀን ሁለት ጊዜ ይወለወላል፤ በዓመት ሁለት ጊዜ ደግሞ መላ አካሉ በልብስ ማጠቢያ ፈሳሽ ሳሙና ይታጠባል። ገና ስልኩን ሳልዘጋ ሰማያዊ ጓንት ያጠለቀ ሰው የሚረጭ ጠርሙስና ጨርቅ ይዞ ከግራ በኩል እየጠረገ መጣ። ትንሽ ገለል አልሁለት። አንዴ ረጨ፣ ሁለቴ ወለወለ፤ አምስቱ ጣቶቼ ሄዱና የሕንጻዎቹ መልክ ተመለሰ።

አባቴ ሁሉንም አይተዋል። ጥቂት ቆይተው «ለዚህኛው ደግሞ ስንት ይከፍሉታል?» አሉኝ።